የቴአትር ሰው ለቤተ ሰብ ምን ይጠቅማል? የአባባ ተስፋዬ ሣህሉ ታሪክ

አባት ለልጁ የሚያወርሰው ነገር ሲቈጠር መሬት፥ ከብት፥ ቤት፥ የጦር መሣሪያ፥ ከዚያም በላይ መልካም ስም ይነሣል። በፍርድ ቤት የሚቀርበውን የውርስ ክርክር የተመለከተ ሰው እንደሚያውቀው ወንድማማቾች ስለ አንዲት ላም እስከ ይግባኝ ድረስ ይካሰሳሉ፤ ነገር ግን አባታችን ማታ ማታ ያወራልን የነበረው ተረት ለእኔ ይድረሰኝ ብሎ ማመልከቻ የጻፈ ሰው እስከ ዛሬ አልተገኘም። ይህም የሆነው ተረት ዋጋ የሌለው ነገር ስለ ሆነ አይደለም፤ ሲካፈሉት የማይጐድል ሀብት ስለ ሆነ ነው እንጂ። ከዚህ የተነሣ ብዙ ሰዎች ተረትንና ጨዋታን ከቁም ነገር ሳይቈጥሩት ይኖራሉ፤ በጨዋታ የሚተዳደረውንም ሰው እንደ ሥራ ፈት ያዩታል።

ዛሬ ለአንባቢዎቻችን የምናቀርበው ታሪክ ይህ አስተያየት የተሳሳተ መሆኑን የሚያስረዳ ነው። ይኸውም የመድረክና የቴሌቪዥን ተጫዋች የነበሩት የአባባ ተስፋዬ ሣህሉ ታሪክ ነው። እኒህ ሰው በ1915 ዓ.ም. ተወልደው፥ በ2009 ዓ.ም. በ94 ዓመታቸው ዐርፈዋል። በወጣትነታቸው በመድረክ ላይ የሴት ልብስ ለብሰው ይጫወቱ ነበር፤ በሽምግልናቸው ግን የኢትዮጵያ ልጅ ሁሉ "አባባ" ብሎ ጠራቸው። ከዚያ እስከዚህ ያለው መንገድ እንዴት እንደ ተሄደ ማወቅ ልጅ ላለው ሰው ሁሉ ይጠቅማል።

አባባ ተስፋዬ የተወለዱት በባሌ ነው። ባሌና እኛ ያለንበት የቦረና ምድር ጎረቤት ናቸው፤ በመካከላቸውም ገናሌ ወንዝ ይወርዳል። በዚያ ማዶ ደጋው፥ በዚህ ማዶ ቆላው ቢበዛም፥ የማታው ልማድ በሁለቱም ወገን አንድ ነው። ከብቱ ታልቦ በረቱ ከተዘጋ በኋላ ሽማግሌው ከእሳቱ አጠገብ ይቀመጣል፤ ልጆችም ይከቡታል፤ የጅብና የቀበሮ፥ የአንበሳና የጥንቸል ነገር ይወራል። ልጁም ሳይገረፍና ሳይዘለፍ፥ ስስት ወዴት እንደሚያደርስ ከጅቡ፥ ብልሃት ከጕልበት እንደሚበልጥ ከጥንቸሏ ይማራል። ይህ ትምህርት ቤት ደወል የለውም፤ ደመወዝም አይከፈልበትም፤ ነገር ግን ከዚያ ሳይማር ያደገ ሰው የቱንም ያህል መጽሐፍ ቢመረምር አንድ ነገር ይጐድለዋል።

በአሬሮና በዙሪያው ባለው አገር ድምፅ ምን ያህል ሥራ እንደሚሠራ ለማየት ወደ ጕድጓዶቹ መሄድ ይበቃል። ቱላ ከሚባሉት ጥልቅ ጕድጓዶች ውሃ የሚቀዳው፥ ወንዶች ከታች እስከ ላይ በተርታ ቆመው መቅጃውን ከእጅ ወደ እጅ እየተቀባበሉ ነው። ሥራውን የሚያስኬደው ዜማው ነው፤ ሁሉም በአንድ ዜማ ስለሚሠሩ የአንዱ እጅ የሌላውን እጅ ሳያይ ያገኘዋል። እንደዚሁም በየስምንቱ ዓመት ጋዮ ላይ በሚደረገው ጉሚ ጋዮ በሚባለው ታላቅ ጉባኤ የቦረና ሕግ በቃል ይነገራል፤ በቃል ይመከርበታል፤ በቃልም ይጸናል። እንግዲህ በዚህ አገር የቃል ሰው የተናቀ አይደለም። ዳሩ ግን ይኸው የቃል ሰው ወደ ከተማ ገብቶ በመድረክ ላይ በቆመ ጊዜ ነገሩ ሌላ ሆነ።

ቴአትርን በአውሮፓ ሥርዓት ጽፈው በአገራችን በመጀመሪያ ያሳዩት ፊታውራሪ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ናቸው። እርሳቸው ከዐድዋ ድል በኋላ ገና በልጅነታቸው ወደ ሩሲያ ሄደው፥ በዚያ አድገው የመድፈኛነት ትምህርት ተምረዋል፤ ኋላም በ1923 ዓ.ም. የወጣውን የመጀመሪያውን ሕገ መንግሥት አርቅቀዋል፤ በጄኔቭም በመንግሥታት ማኅበር ፊት ስለ ኢትዮጵያ ተከራክረዋል። የጻፉት ቴአትር "የአውሬዎች ኮመዲያ መሳለቂያ" ይባላል፤ በአዲስ አበባም በአንድ ሆቴል አዳራሽ ለመኳንንቱ ታየ። በውስጡ የሚናገሩት አራዊት ነበሩ፤ ነገር ግን የአራዊቱ ሥራ የሹማምንቱን ሥራ የሚነቅፍ ስለ ሆነ በቤተ መንግሥት አልተወደደም፤ ቴአትር ማሳየትም ተከለከለ። እንግዲህ አስተውሉ፤ የአገራችን ቴአትር የተጀመረው በእንስሳት ተረት ነው፤ የመጀመሪያው ቍጣ የወረደበትም በዚያው በተረቱ ምክንያት ነው። ይህን ነገር ወደ ኋላ ስለምንመለስበት አንባቢ በልቡ ይያዘው።

ከዚያ በኋላ እነ ዮፍታሔ ንጉሤ ቅኔ ከተማሩበት ዕውቀት እየቀዱ ቴአትርና መዝሙር ደረሱ። ጣልያን አገራችንን ለመውረር በሚሰናዳበት ጊዜ፥ በሐምሌ ወር 1927 ዓ.ም.፥ በመኰንን ሀብተ ወልድ መሪነት የሀገር ፍቅር ማኅበር ተቋቋመ፤ ሥራውም ሕዝቡን በንግግርና በዜማ ለነፃነቱ ማነቃቃት ነበር። በጠላት ዘመን ሥራው ተቋርጦ፥ በ1933 ዓ.ም. ነፃነት ከተመለሰ በኋላ እንደገና ተነሣ፤ የአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤትም የራሱን የቴአትር ጓድ አቋቋመ። ከባሌ የመጣው ወጣቱ ተስፋዬ ሣህሉም ወደዚህ ሥራ ከገቡት ከቀደሙት ሰዎች አንዱ ሆነ።

በዚያን ጊዜ የቴአትር ተጫዋች መሆን ምን ማለት እንደ ነበረ ለዛሬ ልጆች ማስረዳት ያስፈልጋል። በአገራችን በድምፁና በመሣሪያው የሚኖር ሰው አዝማሪ ይባል ነበር፤ ይህም ስም ብዙ ጊዜ ለስድብ ይነገር ነበር። በግብር ላይ አዝማሪው ካልዘፈነ ድግሱ አይደምቅም፤ ነገር ግን ድግሱን ያደመቀውን ሰው ልጄን ያግባት የሚል ባለቤት አልነበረም። አዲሱ የቴአትር ተጫዋችም ይህን ንቀት ወረሰ። ወንዱ ሲናቅ ሴቲቱማ ፈጽሞ የማይታሰብ ነገር ሆነች፤ ልጁን ወደ መድረክ የሚልክ አባት ከወዴት ይገኛል?

ነገር ግን ቴአትር ያለ ሴት አይሆንም። በታሪኩ ውስጥ እናት አለች፤ ሙሽራ አለች፤ ንግሥት አለች። ስለዚህ ከወንዶቹ መካከል ፊቱ የለሰለሰ፥ ድምፁ የቀጠነ ወጣት ተመርጦ ቀሚስ ይለብስ ነበር። ተስፋዬ ሣህሉም ከእነዚህ አንዱ ሆነው የሴት ሆነው ይጫወቱ ጀመር። ይህን ሥራ ቀላል የሚያደርግ ሰው ይሞክረው። ሴት መስሎ ለመታየት ቀሚስ አይበቃም፤ ነጠላ እንዴት እንደሚጣፋ፥ እናት ልጇን ስትጠራ ድምፅዋ ከየት እንደሚነሣ፥ ያዘነች ሴት እጅዋን ወዴት እንደምታሳርፍ ማጥናት ያስፈልጋል። ይህንንም ሁሉ የሚያደርገው ወንድነት በጦር ሜዳ በሚለካበት አገር፥ ከአርበኝነት በተመለሱ ሰዎች ፊት ነው።

ይህ ነገር በእኛ አገር ብቻ የደረሰ እንዳይመስል ከሌላ አገር ጥቂት ምሳሌ እናቅርብ። በእንግሊዝ አገር እንደ አውሮፓ አቈጣጠር እስከ 1660 ዓ.ም. ድረስ የሴቶቹን ክፍል የሚጫወቱት ወንዶች ልጆች ነበሩ። በጃፓን ደግሞ ሴቶች ከመድረክ በ1629 ዓ.ም. ስለ ተከለከሉ ወንዶች ሴት ሆኖ መጫወትን ራሱን የቻለ ከፍተኛ ሙያ አደረጉት። ፊታውራሪ ተክለ ሐዋርያት ባደጉበት በሩሲያም እንዲሁ ነበር። ፊዮዶር ቮልኮቭ የሚባለው ሰው ያሮስላቭል በምትባል ከተማ የቴአትር ጓድ አቋቁሞ ሳለ፥ ዝናውን የሰማችው ንግሥት ኤልሳቤጥ በ1752 ዓ.ም. ወደ ፒተርስቡርግ አስጠራቻቸው። በጓዱ ውስጥ ኢቫን ድሚትሬቭስኪ የሚባል ወጣት ነበረ፤ እርሱም በመጀመሪያ የሴቶችን ክፍል ይጫወት ነበር፤ ኋላ ግን ከሩሲያ ታላላቅ ተጫዋቾች አንዱ ለመሆን በቃ።

ከእርሱም በኋላ በ1788 ዓ.ም. የተወለደው ሚኻይል ሽቼፕኪን ከጌታው ርስት ጋር የሚቈጠር ገባር ነበር። ችሎታውን ያዩ ሰዎች ገንዘብ አዋጥተው ነፃ አወጡት፤ እርሱም በሞስኮ የተፈጥሮን አነጋገር ወደ መድረክ አምጥቶ የሩሲያ ተጫዋቾች ሁሉ መምህር ተባለ። እንግዲህ በሩሲያም በእንግሊዝም በእኛም አገር የቴአትር ሰው በመጀመሪያ በንቀት በር ገብቶ፥ ኋላ በክብር በር ወጥቷል። ልዩነቱ በሩ ለመከፈት የፈጀው ዘመን ብቻ ነው።

በእኛ አገር በሩን ለሴቶች የከፈቱት ራሳቸው ሴቶቹ ናቸው። እነ ሰላማዊት ገብረ ሥላሴና እነ አስናቀች ወርቁ የሰውን አፍ ሳይፈሩ ወደ መድረክ ወጡ፤ ወይዘሮ አስናቀች በክራርዋና በድምፅዋም እስከ ዛሬ ትታወሳለች። እነርሱ ከወጡ በኋላ የሴቶቹን ክፍል ወንድ መጫወቱ ቀረ። ነገር ግን በመካከሉ በነበሩት ዓመታት ቀሚስ ለብሰው መድረኩን የጠበቁት እነ ተስፋዬ ሣህሉ ባይኖሩ ኖሮ፥ ሴቶቹ የሚወጡበት መድረክ ራሱ ባልቆየም ነበር። የቀሚሱን ነገር እንደ ቀልድ የሚያወራ ሰው ይህን ማሰብ ይገባዋል።

በ1943 ዓ.ም. የቃኘው ሻለቃ ጦር ወደ ኮርያ በዘመተ ጊዜ ኢትዮጵያ ስለ ጋራ ጸጥታ የገባችውን ቃል በልጆችዋ ደም ፈጸመች። ወታደሮቻችን በማያውቁት ብርድና በማያውቁት ተራራ ተዋግተው አንድም ምርኮኛ ሳይሰጡ ተመለሱ። ተስፋዬ ሣህሉም ወደ ኮርያ ተጕዘው ሠራዊቱን በጨዋታና በዜማ አጽናንተዋል። ጥይትና ስንቅ ለወታደር አስፈላጊ መሆኑን ሁሉ ያውቃል፤ ነገር ግን ከአገሩ ብዙ ሺህ ምዕራፍ ርቆ የተቀመጠ ሰው የአገሩን ቋንቋ በሣቅ ሲሰማ ልቡ እንዴት እንደሚበረታ የሚያውቀው የዘመተ ብቻ ነው። የቴአትር ሰው ለመንግሥት ምን ይጠቅማል ለሚል ጠያቂ ከዚህ የተሻለ መልስ አይገኝም።

በ1948 ዓ.ም. የንጉሠ ነገሥቱ የዘውድ በዓል 25ኛ ዓመት ሲከበር የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር ተመረቀ፤ ይህም ዛሬ ብሔራዊ ቴአትር የሚባለው ነው። በሆቴል አዳራሽ ተጀምሮ በቍጣ የተዘጋው የቴአትር ሥራ በዋና ከተማው መካከል ታላቅ ቤት ተሠራለት። ተስፋዬ ሣህሉም በዚህ መድረክ ላይ ካገለገሉት አንዱ ነበሩ። የተጫዋችነት ሥራቸው በአንድ ወገን ብቻ የተወሰነ አልነበረም፤ ሣቅንም ኀዘንንም ይጫወቱ፥ የሙዚቃ መሣሪያም ይመቱ፥ የምትሃት ጨዋታም ያሳዩ ነበር። ይህ ሁሉ ልዩ ልዩ ችሎታ በኋላ ለአንድ ሥራ እንደሚሰበሰብ በዚያን ጊዜ ማንም አላወቀም።

ሥራውም የመጣው በ1957 ዓ.ም. የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን በተቋቋመ ጊዜ ነው። ቴሌቪዥን በመጀመሪያ በዋና ከተማው ብቻ የሚታይ፥ ሥዕሉም ጥቁርና ነጭ ብቻ የሆነ፥ በጥቂት ሰዎች ቤት የሚገኝ ዕቃ ነበር። በዚህ በአዲሱ መሣሪያ "የልጆች ጊዜ" የሚባል ክፍል ተከፍቶ፥ መሪነቱ ለተስፋዬ ሣህሉ ተሰጠ። እርሳቸውም ከዚያን ጊዜ ጀምሮ ለ42 ዓመት ያህል ይህን ሥራ ሳይለቁ ሠሩ። በመጀመሪያው ዓመት ያዳመጣቸው ሕፃን በመጨረሻው ዓመት የልጅ ልጁን ይዞ ሊያያቸው ይችል ነበር ማለት ነው።

አሠራራቸው እንዴት እንደ ነበረ እንመልከት። በመጀመሪያ ልጆቹን ከማስተማራቸው በፊት ሰላምታ ይሰጡ ነበር፤ ያም ሰላምታ "ጤና ይስጥልኝ ልጆች፥ የዛሬ አበባዎች፥ የነገ ፍሬዎች" የሚለው ነው። ይህ ቃል ቀላል ይመስላል፤ ነገር ግን አስተውለው ቢመለከቱት ብዙ ነገር አለበት። በአገራችን ልማድ ትልቅ ሰው ወደ ቤት ሲገባ ልጁ ተነሥቶ እጅ ይነሣል እንጂ፥ ትልቁ ሰው አስቀድሞ ለልጁ ጤና ይስጥልኝ አይልም። አባባ ተስፋዬ ግን ሽማግሌ ሆነው ሕፃኑን በአክብሮት ቃል ሰላም አሉት። የተከበረ ልጅ ማክበርን ይማራል፤ ስለዚህ በየቤቱ ያለው ሕፃን ከመስተዋቱ ፊት ቆሞ ሰላምታውን ይመልስላቸው ነበር።

ሁለተኛም፥ ልጆችን ወደ ቴሌቪዥኑ ቤት አስገብተው ራሳቸው እንዲናገሩ አደረጉ። ተረቱን እርሳቸው ብቻ አውርተው አልጨረሱትም፤ ልጁም ተነሥቶ ስሙን እንዲናገር፥ የሰማውን ተረት እንዲያወራ ፈቀዱለት። በትልቅ ሰው ፊት አፉን የማይከፍት ልጅ ጨዋ በሚባልበት አገር፥ ሕፃን በአገር ሁሉ ፊት ሲናገር መታየቱ ታላቅ ነገር ነው። በመድረክ ላይ ድምፅን ማውጣት የሚያሳፍር እንዳልሆነ በመጀመሪያ ራሳቸው አሳዩ፤ ቀጥሎም ይህንኑ ድፍረት ለሕፃናቱ አካፈሉ።

ሦስተኛም፥ ተረቱን በአፍ ብቻ አላወሩትም፤ ተጫወቱት። ጅቡ ሲናገር ድምፃቸው ይጐረብጣል፤ አሮጊቷ ስትናገር ወገባቸው ይጐብጣል፤ ሕፃኑ ሲናገር ዓይናቸው ይሰፋል። በወጣትነታቸው ሴት ሆነው ሲጫወቱ የተማሩት የሌላውን ሰው ጠባይ የመልበስ ዕውቀት እዚህ ላይ ፍሬ አፈራ። ከዚያም የምትሃት ጨዋታ ያሳዩአቸዋል፤ ምክርም ይጨምሩበታል። ተረቶቻቸውን በመጽሐፍም አሳትመው ለልጆች አቅርበዋል።

አያቶቹ ተረት የሚያውቁለት የገጠር ልጅ ምናልባት ይህን ሁሉ በቤቱ ያገኘው ይሆናል። ነገር ግን ከተማ ሲሰፋ፥ አባት ከቢሮ ማታ ሲመለስ፥ እናትም ከገበያና ከሥራ ደክማ ስትገባ፥ አያትም በሩቅ አገር ስትቀር፥ ከእሳቱ ዙሪያ የነበረው ወንበር ባዶ ሆነ። አባባ ተስፋዬ የተቀመጡት በዚያ ባዶ ወንበር ላይ ነው። ቴሌቪዥን በቤቱ የሌለው ልጅ ወደ ጎረቤት እየሄደ ከደጃፍ ላይ ተሰብስቦ ያይ ነበር፤ ስለዚህ የባለ ጠጋውና የድኻው ልጅ አንድ ተረት ሰምተው አንድ ሣቅ ሣቁ።

በዚህ 42 ዓመት ውስጥ በአገራችን ብዙ ነገር ተለወጠ። በ1967 ዓ.ም. ዘውዱ ወረደ፤ በ1983 ዓ.ም. ወታደራዊው መንግሥት ወደቀ፤ ሌላም መንግሥት ተተካ። ሰንደቅ ዓላማው ላይ ያለው ምልክት፥ የአደባባዮቹ ስም፥ የትምህርት ቤቱ መጽሐፍ ተለወጠ። አያሌ የማዕረግ ስሞችም ተሽረዋል። "አባባ" የሚለው ማዕረግ ግን አልተሻረም፤ በዐዋጅ የተሰጠ ስላልነበረ በዐዋጅ የሚሽረው አልተገኘም። የሰጡት ሕፃናት ነበሩና። ሹመት ያለው አንባቢ ይህን ነገር ጥቂት ቢያስብበት ይጠቅመዋል።

ከዚህ በላይ አንባቢ በልቡ ይያዘው ያልነው ነገር አሁን ይመጣል። በ1998 ዓ.ም. በዝግጅታቸው ላይ የቀረበ አንድ ተረት የሰውን ክብር ይነካል ተብሎ ስለ ተነቀፈ አባባ ተስፋዬ ከቴሌቪዥኑ ሥራ ተሰናበቱ። በዚያን ጊዜ ዕድሜያቸው ሰማንያ ዓመት ዐልፎ ነበር። የመጀመሪያው የአገራችን ቴአትር በተረት ምክንያት ተዘጋ፤ የመጀመሪያዎቹ ተጫዋቾች ከሆኑት አንዱም በተረት ምክንያት ከወንበራቸው ተነሡ። በዚህ ነገር ላይ ሰው ሁሉ አንድ አሳብ አልነበረውም። አንዳንዱ ለልጆች የሚነገር ቃል በብርቱ መጠንቀቅን ይፈልጋል አለ፤ ይህም እውነት ነው፤ በልጅነት የተሰማ ንቀት ከልብ አይፋቅምና። ሌላው ደግሞ የአርባ ዓመት አገልግሎት በአንድ ቀን ስሕተት አይመዘንም አለ፤ ይህም እውነት ነው። ሁለቱን እውነት አስታርቆ መያዝ ለዳኛም ለአባትም ከባድ ሥራ ነው።

እኛ ከዚህ የምንማረው አንድ ነገር አለ፤ ተረት ቀላል ነገር አለመሆኑን ነው። ቀላል ነገር ቢሆን ኖሮ ቤተ መንግሥት ባልተቈጣበት፥ መሥሪያ ቤትም ሰውን ባላሰናበተበት ነበር። ተረት እንደ እሳት ነው፤ ቤትን ያሞቃል፤ ካልጠበቁትም ያቃጥላል። እሳት ያቃጥላል ብሎ ግን በብርድ ልጁን የሚያሳድር አባት የለም።

አባባ ተስፋዬ ከሥራ ከተለዩ በኋላ ሕዝቡ አልረሳቸውም። የነጫጭ ፀጕር ባለቤት የሆኑ ሰዎች ሳይቀሩ በመንገድ ሲያገኙአቸው እንደ ሕፃን እጅ ይነሡአቸው ነበር። ሐምሌ 24 ቀን 2009 ዓ.ም. ባረፉ ጊዜም ያዘነላቸው የሥጋ ዘመዳቸው ብቻ አልነበረም፤ በአገር ውስጥም በውጭም ያሉ፥ አንዳንዶቹም ራሳቸው አያት የሆኑ ኢትዮጵያውያን አባታችን ሞተ ብለው አለቀሱ። ልጁን ለተጫዋች አልድርም ይል የነበረው ወገን፥ ልጆቹን ሁሉ ለአንድ ተጫዋች አደራ ሰጥቶ እንደ ነበረ ያስታወሰው በዚያ ቀን ነው።

እንግዲህ ከዚህ ታሪክ ለቤተ ሰብ የሚሆን ምክር እንምረጥ።

1ኛ፤ ልጅህ ወይም ልጅሽ የሰውን አነጋገር እየመሰለ ቢያሥቅ፥ ዜማ ቢወድ፥ ተረት ቢያበዛ፥ ይህ የአዝማሪ ነገር ነው ብላችሁ አትቈጡት። ትምህርቱን እንዲማር እያደረጋችሁ ስጦታውንም ጠብቁለት። ይልቁንም ስለ ሴት ልጅ ስጦታ የሰውን አፍ አትፍሩ፤ የሰላማዊትና የአስናቀች ድፍረት የተመሰገነው ከብዙ ነቀፋ በኋላ እንደ ሆነ አስታውሱ።

2ኛ፤ ማታ በቤታችሁ የተረት ወንበር አታጕድሉ። ዛሬ በአሬሮም ሆነ በነገሌ ልጆች በእጅ ስልክ ላይ ከዓለም ዳርቻ የመጣ ሥዕል ያያሉ፤ ይህን መከልከል አይቻል ይሆናል። ነገር ግን ሥዕሉ ልጁን በስሙ አይጠራውም፤ ለምን ከፋህ ብሎም አይጠይቀውም። አባባ ተስፋዬ በመስተዋት ውስጥ ሆነው ልጆችን ያቀረቡት የቤትን ወግ ወደ መስተዋቱ ስላስገቡ ነው፤ መስተዋቱ ግን ቤትን አይተካም። ለሩብ ሰዓት የሚሆን ተረት ከባለሥልጣኑም ከገበሬውም ጊዜ አይጐድልም።

3ኛ፤ በተረታችሁ ውስጥ ማንንም ወገን አታዋርዱ። በእኛ አገር ብዙ ቋንቋና ብዙ ነገድ በአንድ ገበያ ይገናኛል፤ በዚህ በቆላው አገር እንኳ ቦረናው፥ ጉጂው፥ ሶማሌው፥ ገብራው፥ ከሰሜንም የመጣው ሰው በአንድ ጕድጓድ ውሃ ያጠጣል። ጅብን ስለ ስስቱ ስደቡት፤ እርሱ አይከስም። ሰውን ግን በወገኑ ወይም በሙያው የሚያንቋሽሽ ተረት ከአያት የተወረሰ ቢሆንም እንኳ፥ በእናንተ ላይ ያብቃ እንጂ ወደ ልጃችሁ አይለፍ።

4ኛ፤ ልጃችሁን አስቀድማችሁ ሰላም በሉት። ይህ ገንዘብ አይጠይቅም፤ ማዕረግም አይቀንስም። ለ42 ዓመት የአገር ልጅን ሁሉ ያሳደገ ሰው ሥራውን በየጊዜው የጀመረው በዚህ ነው።

የቴአትር ሰው ለቤተ ሰብ ምን ይጠቅማል ለሚለው ጥያቄ መልሱ ይህ ነው። ሐኪም የልጁን አካል፥ መምህር የልጁን አእምሮ፥ ዳኛ የልጁን መብት ይጠብቃል። የቴአትር ሰው ደግሞ ልጁ በሌላው ሰው ቦታ ሆኖ ማሰብን እንዲለምድ ያደርገዋል፤ ይኸውም የርኅራኄ መጀመሪያ ነው። የሌላውን ቀሚስ ለአንድ ሰዓት የለበሰ ሰው፥ የሌላውን ችግር ለመፍረድ አይቸኩልም። ከባሌ ተነሥተው፥ በንቀት በር ገብተው፥ በሕፃናት ፊት ሽማግሌ ሆነው የተቀመጡት አባባ ተስፋዬ ሣህሉ ያወረሱን ይህን ነው፤ ውርሱም ሲካፈሉት የማይጐድል ስለ ሆነ፥ ድርሻውን የሚፈልግ ሁሉ ዛሬ ማታ በቤቱ ሊጀምር ይችላል።